በሐሩር አገር የሚበርደው ሕፃን

በካርቱም ስለ አራስ ሕፃናት የሰውነት ሙቀት አጠባበቅ

ነጭ ዓባይና ጥቁር ዓባይ የሚገናኙባት የካርቱም ከተማ በዓለም ካሉት ዋና ከተሞች እጅግ ሞቃት ከሚባሉት አንዷ መሆኗን ከሱዳን ጋር የሚነግድ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። በግንቦትና በሰኔ ወራት የቀኑ ሙቀት 41 ዲግሪ ሴንቲግራድና ከዚያም በላይ ይደርሳል፤ ነፋሱ እንደ ምድጃ ወላፈን ፊትን ይለበልባል፤ ሰውም ጥላ ፍለጋ ይሸሻል። የምጽዋን ሐምሌ ያየ ሰው ነገሩን ሳይነግሩት ይረዳዋል። እንግዲህ በእንደዚህ ያለች ከተማ የተወለደ ሕፃን በብርድ ምክንያት ይሞታል ቢባል፣ ሰሚው ቀልድ ቢመስለው አያስገርምም።

ይሁን እንጂ ነገሩ ቀልድ አይደለም። በልዩ ልዩ አገሮች የተደረጉትን ምርመራዎች አንድ ላይ ሰብስቦ በ2013 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር የወጣ አንድ የሕክምና ጽሑፍ እንዳስረዳው፣ በሆስፒታል ከሚወለዱት ሕፃናት መካከል የሰውነታቸው ሙቀት ከሚገባው በታች ሆኖ የሚገኙት እንደየአገሩ ከመቶ 32 እስከ 85 ይደርሳሉ፤ ሐሩር የሆኑት አገሮችም ከዚህ ቍጥር ነጻ አይደሉም። በአዲስ አበባ የመንግሥት ሆስፒታሎች ለብርቱ ሕክምና በገቡ አራስ ሕፃናት ላይ ተደርጎ በ2018 በታተመው ምርመራም ከመቶ 64ቱ በርዷቸው ተገኝተዋል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ በዚሁ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) አዲስ አበባ ደጋ ናትና ይህ ብዙ ላያስደንቅ ይችላል። የካርቱም ነገር ግን ሰፋ ያለ ማብራሪያ ይፈልጋል። ምክንያቱም በዚያች ከተማ ያው አንዱ ሕፃን በአንድ ሌሊት በብርድ፣ በማግሥቱም ቀትር በሙቀት ሊጠቃ ይችላልና ነው።

ሕፃን ለምን ይበርደዋል?

ሕፃን በእናቱ ማሕፀን ሳለ ሙቀቱ ከእናቱ ሙቀት በግማሽ ዲግሪ ያህል ይበልጣል። በዚያ ሥፍራ ብርድም ሙቀትም አያውቅም፤ የሚያሞቀውም የሚያቀዘቅዘውም የእናቱ ደም ነው። በተወለደ ጊዜ ግን ሰውነቱ በእንሽርት ውሃ እንደ ራሰ በአንድ ጊዜ ወደ ሌላ ዓለም ይወጣል። ሳይደርቅና ሳይሸፈን ቢቆይ የገላው ቆዳ በየደቂቃው አንድ ሦስተኛ ዲግሪ ያህል፣ የውስጥ ሰውነቱም በየደቂቃው አንድ ዐሥረኛ ዲግሪ ያህል ይቀዘቅዛል። ከዚህ የተነሣ በመጀመሪያዎቹ ከ10 እስከ 20 ደቂቃዎች ውስጥ ብቻ ከ2 እስከ 4 ዲግሪ ሊያጣ ይችላል።

ሙቀት ከሕፃኑ ገላ የሚሸሽባቸው መንገዶች አራት ናቸው። አንደኛው የገላው እርጥበት ሲተን ነው። ሁለተኛው ቀዝቃዛ ነገር ሲነካ፣ ይኸውም በሚዛን ብረት ወይም በሲሚንቶ ጠረጴዛ ላይ ሲያኖሩት ነው። ሦስተኛው ነፋስ ሲያልፍበት፣ አራተኛውም ሳይነካው እንኳ አጠገቡ ወዳለው ቀዝቃዛ ግድግዳና መስኮት ሙቀቱ ሲሸሽ ነው።

አሁን እነዚህን አራቱን መንገዶች ይዞ ወደ ካርቱም ለሚሄድ ሰው እንቆቅልሹ ይፈታለታል። የካርቱም አየር ከበረሃ የሚመጣ ደረቅ አየር ነው። ያጠበችውን ልብስ ገመድ ላይ የምታሰጣ የከተማይቱ ሴት ልብሱ ቶሎ እንደሚደርቅላት ታውቃለች። ያ ልብስ የሚደርቅበት ፍጥነት እርጥብ ሆኖ የተወለደ ሕፃንም ሙቀቱን የሚያጣበት ፍጥነት ነው። አዋላጅዋና ሐኪሙ በሙቀቱ ተጨንቀው ከጣራው ላይ የተንጠለጠለውን ማራገቢያ ያዞራሉ፤ ወይም ውሃ በጠጣ ጭድ ውስጥ አየር እያሳለፈ የሚያቀዘቅዘውን መሣሪያ ይከፍታሉ። ይህ ለትልልቆቹ ዕረፍት ነው፤ በመካከላቸው ራቍቱን ለተኛው እርጥብ ሕፃን ግን የደጋ ውርጭ ማለት ነው። ከዚህም በላይ በታኅሣሥና በጥር ወራት ከሰሜን በረሃ የሚነፍሰው ነፋስ ሌሊቱን ያቀዘቅዘዋል፤ የጥር ሌሊት ሙቀት በአማካይ ወደ 16 ዲግሪ ይወርዳል። ለሙቀት ተብሎ በሠፋፊ መስኮት በተሠራ ቤት ውስጥ ይህ ለአራስ ሕፃን ትንሽ ብርድ አይደለም።

የሲኒና የጀበና ምሳሌ

በአንድ ጊዜ የፈላ ቡና በጀበናና በሲኒ ቢቀመጥ አስቀድሞ የሚቀዘቅዘው በሲኒው ያለው መሆኑ በየቤቱ የታወቀ ነው። ሕፃንም እንደ ሲኒው ነው። ከክብደቱ ጋር ሲነጻጸር የገላው ስፋት ከጎልማሳ ሰው ገላ ሁለት ወይም ሦስት እጥፍ ይሆናል። ሙቀት የሚያመነጨው ሥጋው ጥቂት፣ ሙቀት የሚያወጣው ቆዳው ግን ብዙ ነው። ከሰውነቱ ጋር ሲነጻጸር ትልቅ የሆነው ራሱ ካልተሸፈነ ደግሞ የሚባክነው ሙቀት ይበዛል። ለሕፃን ቆብ ማጥለቅ ጌጥ ሳይሆን መድኃኒት የሆነው ስለዚህ ነው።

ጎልማሳ ሰው ሲበርደው ይንቀጠቀጣል፤ መንቀጥቀጡም ሥጋውን አሠርቶ ያሞቀዋል። አራስ ሕፃን ግን ለመንቀጥቀጥ ገና አልደረሰም። ፈጣሪ በዚህ ፈንታ የሰጠው ሌላ ስንቅ አለ፤ ይኸውም ቡናማ ስብ የሚባለው ነው። ይህ ስብ በትከሻዎቹ አጥንቶች መካከል፣ በአንገቱና በኵላሊቶቹ ዙሪያ ተከማችቶ ይገኛል። የስዊስ ተወላጅ የሆነው ሊቅ ኮንራድ ጌስነር ክረምቱን ተኝቶ በሚያሳልፍ አንድ የተራራ እንስሳ ገላ ውስጥ ይህን ነገር አይቶ በ1551 ጽፎ ነበር፤ ነገር ግን ለምን እንደሚጠቅም ሳይታወቅ አራት መቶ ዓመት አለፈ። በ1964 ዶኪንስና ሀል የተባሉ ሁለት የእንግሊዝ ሐኪሞች በጥንቸል ግልገሎች ላይ በኦክስፎርድ ባደረጉት ምርመራ፣ ስቡ ያለ መንቀጥቀጥ እየነደደ ሰውነትን የሚያሞቅ ምድጃ መሆኑን አስረዱ።

እንግዲህ ያለ ወሩ የተወለደ ሕፃን ችግር ከዚህ ላይ ይገለጣል። ቡናማው ስብ የሚከማቸው በመጨረሻዎቹ የእርግዝና ወራት ስለሆነ፣ በሰባተኛው ወር የተወለደ ልጅ ስንቁን ሳይዝ መንገድ የጀመረ መንገደኛ ይመስላል። ቆዳው ቀጭን ስለሆነ ውሃ በቀላሉ ያወጣል፤ ከቆዳው በታችም ሙቀት የሚያግድ ስብ የለውም። እጅና እግሩን ሰብስቦ መታጠፍ ስለማይችልም ተዘርግቶ ይተኛል፤ በዚህም ገላው በሙሉ ለብርድ የተጋለጠ ይሆናል።

ብርድ የሚገድለውም በአንድ ጊዜ አይደለም። የቀዘቀዘ ሕፃን ራሱን ለማሞቅ ሲል በደሙ ያለውን ስኳርና ኦክሲጅን ያቃጥላል። ትርፍ አጥቶ ዋናውን ገንዘብ እየበላ ሱቁን ክፍት እንደሚያቆይ ነጋዴ ነው፤ ከውጭ ለሚያየው ሱቁ ክፍት ነው፣ በውስጡ ግን መዝገቡ ወደ ኪሣራ እየሄደ ነው። ስኳሩ ሲያልቅ ሕፃኑ ይደክማል፤ ሲደክም ጡት መጥባት ያቆማል፤ ሳይጠባ ሲቀር የሚነድ ነገር ያጣና ይበልጥ ይቀዘቅዛል። ትንፋሹ ይዘገያል፤ ልቅሶው ይሰልላል። አንዳንድ ጊዜም ጉንጩና እጅ እግሩ ይቀላና ያየው ሁሉ «እንዴት ያለ ያማረ ልጅ ነው!» ይላል። ያ ቅላት ግን ሁልጊዜ የጤና ምልክት አይደለም፤ የብርቱ ብርድ ምልክት የሚሆንበት ጊዜ አለ።

የዓለም የጤና ድርጅት ስለዚሁ ያወጣው መለኪያ ግልጽ ነው። የአራስ ሕፃን ትክክለኛ ሙቀት ከ36.5 እስከ 37.5 ዲግሪ ነው። ከ36.0 እስከ 36.4 ሲሆን ብርድ እያስጨነቀው ነው፤ ከ32.0 እስከ 35.9 ሲሆን ሕመሙ መካከለኛ ነው፤ ከ32 በታች ከወረደ ግን ለሕይወቱ የሚያሰጋ ብርቱ ብርድ ነው።

ሙቀቱም በፊናው

ከዚህ በላይ የተባለውን የሰማ ሰው «እንኪያስ ሕፃኑን በብርድ ልብስ ላይ ብርድ ልብስ ደራርቦ መጠቅለል ነው» ቢል በካርቱም ሌላ አደጋ ላይ ይወድቃል። ከ37.5 በላይ የሆነ ሙቀትም ሕመም ነው። በወሩ የተወለደ ሕፃን ማላብ ቢችልም ላቡ ጥቂት ነው፤ ያለ ወሩ የተወለደው ደግሞ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ከቶ አያልበውም ለማለት ይቻላል። ስለዚህ በ42 ዲግሪ ቀትር፣ በተዘጋ የአራስ ቤት፣ በወፍራም ጨርቅ የተጠቀለለ ልጅ ሙቀቱን የሚያወጣበት በር የለውም። በሰውነቱ ያለው ውሃ ይደርቃል፤ ትኵሳት ይነሣበታል፤ ቤተ ሰቡም ትኵሳቱን በሽታ መስሎት ብርዱን እንከልክለው ሲል ጨርቅ ይጨምርበታል። ይህ ከፍቅር የተነሣ የሚደረግ ስሕተት ነው፤ ሆኖም ፍቅሩ ስሕተቱን ትክክል አያደርገውም።

ስለዚህ የካርቱም አዋላጅ ሥራ ከደጋ አገር አዋላጅ ሥራ ይልቅ ብልኀትን የሚጠይቅ ነው። የደጋዋ ጠላት አንድ ነው፤ የካርቱሟ ግን በፊትና በኋላ ሁለት ጠላት አላት።

የኡምዱርማን ትምህርት ቤት

ከነጭ ዓባይ ማዶ በምትገኘው በኡምዱርማን ከተማ የሱዳን የአዋላጆች ትምህርት ቤት በ1921 ተከፈተ። ያቋቋመችው ሜብል ዎልፍ የተባለች እንግሊዛዊት ናት፤ ከዚያ በፊት በግብፅ አገር በፋዩም አዋላጆችን ስታስተምር ኖራለች። በኋላም እኅቷ ገርትሩድ ዎልፍ መጥታ በሥራው ተባበረቻት። በዚያን ጊዜ በሱዳን የሚያዋልዱት ዳያ የሚባሉት ባልቴቶች ሲሆኑ፣ ወላዲቱ ከጣራ የተንጠለጠለ ገመድ ይዛ ትወልድ ስለ ነበር «የገመድ ዳያ» ይሏቸው ነበር።

ወደ ትምህርት ቤቱ የገቡት ሴቶች ማንበብና መጻፍ የማያውቁ ነበሩ። አስተማሪዋ ግን ይህን እንደ መሰናክል አልቈጠረችውም። መድኃኒቶቹን በቀለማቸው፣ በሽታቸውና በጣዕማቸው ለይተው እንዲያውቁ አስተማረቻቸው። ትምህርቱን የጨረሰች አዋላጅ መሣሪያዎቿን የያዘ ሣጥን ይሰጣት ነበር፤ ሣጥኑም ንጹሕ መሆኑ በየጊዜው ይመረመር ነበር። በዚህ ዓይነት ዓይን፣ አፍንጫና እጅ የፊደልን ቦታ ተክተው ሠሩ፤ ብዙ አዋላጆችም ወደ ከተማውና ወደ ገጠሩ ተሠማሩ። ከዚያ በኋላ በ1957 የኡምዱርማን የወሊድ ሆስፒታል ተከፈተ፤ በሱዳን ካሉት የወሊድ ሆስፒታሎች ሁሉ ትልቁ ለመባል የበቃ ነው።

የዚህ ታሪክ ትምህርት ለአስተዳዳሪ የሚጠቅም ነው። የሕፃንን ሙቀት መጠበቅ በመጀመሪያ የእጅ ትምህርት ነውና። ሐኪሞች የሚመክሩት መለያም ይህንኑ ያሳያል። በእጅ ጀርባ የሕፃኑን ሆድ፣ ቀጥሎም እግሩን መንካት ነው። ሆዱም እግሩም ለብ ያለ እንደ ሆነ ደኅና ነው። ሆዱ ሞቆ እግሩ ከቀዘቀዘ ብርድ ጀምሮታል። ሁለቱም ከቀዘቀዙ ሳይውል ሳያድር ማሞቅ ያስፈልጋል። ሁለቱም ተኰሰው ከቀሉ ደግሞ ሙቀት በዝቶበታልና ልብሱን ማቅለል፣ ጡትም አዘውትሮ መስጠት ይገባል፤ ከስድስት ወር በታች ላለ ልጅ ግን በጥም ምክንያት ውሃ መስጠት አይገባም፤ ምግቡም መጠጡም የእናቱ ወተት ነው። ለዚህ ምርመራ ፊደል አያስፈልግም፤ ኤሌክትሪክም አያስፈልግም።

ከዶሮ ዕንቍላል ሣጥን እስከ እናት ደረት

በፓሪስ ከተማ ስቴፋን ታርኒየር የተባለ የማዋለድ ሐኪም የእንስሳት መናፈሻውን ሲጎበኝ የዶሮ ዕንቍላል የሚፈለፈልበትን የሙቀት ሣጥን አየ። ለዕንቍላል የሚሆን ለሕፃንስ ለምን አይሆንም ብሎ በ1880 የሚሞቀውን ሣጥን አሠራ። ሣጥኑ የሚሞቀው በፈላ ውሃ ነበር። ከጥቂት ዓመታት በኋላ በወጣው መግለጫ መሠረት ክብደታቸው ከ2,000 ግራም በታች ሆኖ ከተወለዱት ሕፃናት ቀድሞ ከመቶ 66 ሲሞቱ፣ በሣጥኑ ምክንያት ወደ 38 ዝቅ አለ። በ1958 ደግሞ በኒው ዮርክ ሲልቨርማንና ባልደረቦቹ ያለ ወራቸው የተወለዱትን ሕፃናት በሁለት ከፍለው፣ የአንዱን ወገን ሣጥኖች ከሌላው ወገን በ3 ዲግሪ ያህል አብልጠው ቢያሞቁ፣ በሞቀው ሣጥን የተቀመጡት በሕይወት የመትረፍ ዕድላቸው ከመቶ 15 ያህል በልጦ ተገኘ። ሦስት ዲግሪ ማለት ትልቅ ሰው ልብ የማይለው ልዩነት ነው።

ስለዚህ ኢንኩቤተር የሚባለው የሙቀት ሣጥን በሆስፒታሎች ሁሉ ተስፋፋ። ነገር ግን ሣጥኑ ያለ ማቋረጥ የሚመጣ ኤሌክትሪክ፣ መለዋወጫ ዕቃና የሠለጠነ እጅ ይፈልጋል። ኤሌክትሪክ ሲቋረጥ በክረምት ሌሊት ይቀዘቅዛል፤ በበጋ ቀትር ደግሞ ሙቀት አፍኖ ይይዛል። ሣጥኑ አንሶ ሁለትና ሦስት ሕፃናት በአንዱ ውስጥ ሲተኙም የአንዱ በሽታ ለሌላው ይተርፋል።

በኮሎምቢያ ዋና ከተማ በቦጎታ የነበሩት ሐኪም ኤድጋር ሬይ ይህንኑ የመሰለ ችግር ገጥሟቸው በ1978 ሌላ መንገድ ጀመሩ። ሕፃኑን ከሽንት ጨርቅና ከቆብ በቀር ራቍቱን አድርገው በእናቱ ደረት ላይ፣ ገላው ከገላዋ ጋር እንዲገናኝ ቀጥ አድርገው በጨርቅ አሰሩት። ካንጋሩ የሚባለው የአውስትራሊያ እንስሳ ግልገሉን በሆዱ ከረጢት እንደሚይዝ ሁሉ ስለሆነ ስሙም የካንጋሩ እንክብካቤ ተባለ። የእናት ደረት ሕፃኑን ያሞቀዋል፤ ጡቱም ከአፉ አይርቅም፤ ትንፋሿም ትንፋሹን ያነቃቃዋል።

ይህ ነገር ለድኃ አገር ብቻ የተፈለሰፈ ምትክ መስሎ የታያቸው ብዙዎች ነበሩ፤ ነገሩ ግን በኢትዮጵያም በምርመራ ተረጋግጧል። በአዲስ አበባ በጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ዶክተር ቦጋለ ወርቁና አሳየ ካሴ ያለ ወራቸው በተወለዱና ክብደታቸው ባነሰ ሕፃናት ላይ አድርገው በ2005 ባሳተሙት ጥናት፣ በተለመደው መንገድ ከታከሙት ከመቶ 38 ሲሞቱ በእናቶቻቸው ደረት ላይ ቶሎ የታሰሩት ከመቶ 22 ተኩል ብቻ ሞቱ። በ2021 ደግሞ በጋና፣ በሕንድ፣ በማላዊ፣ በናይጄሪያና በታንዛኒያ በ3,211 ሕፃናት ላይ የተደረገው ሰፊ ምርመራ ታተመ፤ እንክብካቤው እንደ ተወለዱ ወዲያውኑ ሲጀመር በመጀመሪያዎቹ 28 ቀናት የሚሞቱት ከመቶ 15.7 ወደ 12 ዝቅ ማለታቸውን አሳየ። የዓለም የጤና ድርጅትም በ2022 ሕፃኑ ሕመሙ እስኪሻለው ሳይጠበቅ እንክብካቤው ወዲያው እንዲጀመር መከረ።

በካርቱም ይህ ዘዴ ሁለት ጥቅም አለው። በጥር ሌሊት የእናት ደረት ምድጃ ነው። ቀኑ ከሰው ገላ በበለጠ በሚሞቅበት በግንቦት ቀትር ደግሞ የሚያልባት እናት ቆዳ ከአካባቢው አየር ይቀዘቅዛልና የልጁን ትርፍ ሙቀት ሊቀበል ይችላል፤ በዚህ ጊዜ ግን መጠቅለያው ስስ ሊሆን፣ ሙቀቱም ቶሎ ቶሎ ሊለካ ይገባል። ለማሰሪያው ከሩቅ የሚመጣ ዕቃ አያስፈልግም። ሱዳናዊት ሴት ገላዋን የምትከናነብበት ቶብ ረጅምና ስስ ስለሆነ ለዚህ የተመቸ ነው፤ በካርቱም ለሚኖሩት የኢትዮጵያና የኤርትራ ሴቶችም ነጠላና መቀነት ይህንኑ ሥራ ይሠራሉ።

ኤሌክትሪክ የተቋረጠበት ከተማ

ይህ ሁሉ የመጽሐፍ ክርክር ብቻ አለመሆኑን የካርቱም ሕዝብ በመራራ መንገድ አይቶታል። ሚያዝያ 15 ቀን 2023 በከተማይቱ ጦርነት ተነሣ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ በጦርነቱ አካባቢ ካሉት ሆስፒታሎች ሦስት እጅ ሁለቱ ያህል ሥራ ማቆማቸው ተነገረ። ኤሌክትሪክ ተቋረጠ፤ ውሃ ጠፋ፤ ሠራተኞች በየመንገዱ ጥይት ስለ ነበረ ወደ ሥራቸው ለመድረስ አልቻሉም።

በ1961 የተቋቋመው የማይጎማ የሕፃናት ማሳደጊያ በከተማይቱ መካከል ተከቦ ቀረ። በዚያ የነበሩት ወላጅ የሌላቸው ሕፃናት ናቸው፤ ብዙዎቹም ገና በጡት ዕድሜ ላይ የሚገኙ ነበሩ። ጊዜው የዓመቱ ሙቀት የሚበረታበት ወቅት ሲሆን ማራገቢያዎቹ ቆመው ነበር። ሞግዚቶቹ አንሰው ነበርና ለእያንዳንዱ ሕፃን በየሰዓቱ ወተት ማድረስ አልተቻለም። በስድስት ሳምንት ውስጥ ቢያንስ 50 ሕፃናት ሞቱ፤ ለሞታቸውም ምክንያት ሆነው የተገለጡት የምግብ እጥረት፣ የሰውነት ውሃ መድረቅና ተላላፊ በሽታ ናቸው። በሰኔ ወር 2023 300 ያህል የሚሆኑት የቀሩት ሕፃናት በቀይ መስቀል ረዳትነት ወደ ወድ መደኒ ተወሰዱ።

ከዚህ ላይ አንድ ነገር ማስተዋል ይገባል። ሕፃን ሙቀቱን የሚጠብቅለት መሣሪያ ቢጠፋ እናቱ ትተካለታለች፤ እናቱ ብትጠፋ መሣሪያው ይተካለታል። የማይጎማ ሕፃናት ግን ሁለቱንም በአንድነት አጡ። የሰው ደረት እንደሌለ ሕፃን ደካማ ፍጥረት የለም።

ለአስተዳዳሪና ለነጋዴ የሚሆን ቃል

አንድ ጤና ጣቢያ ሲከፈት ብዙ ጊዜ አስቀድሞ የሚታሰበው ውድ የሆነው መሣሪያ ነው። በጀቱም በእርሱ ያልቃል፤ መሣሪያውም በማግሥቱ መለዋወጫ አጥቶ በጥግ ይቀመጣል። ሕፃናትን በብዛት የሚያድነው ግን ርካሹ ነገር ነው። ለምሳሌ ያህል ስለ ሙቀት መለኪያ ቢነሣ፣ በየመድኃኒት ቤቱ የሚሸጠው የተለመደው ቴርሞሜትር ቍጥሩ የሚጀምረው ከ35 ዲግሪ ነው። በዚህ መለኪያ የ35ና የ31 ዲግሪ ሕፃን አንድ ሆነው ይታያሉ፤ ሊሞት የተቃረበውና ጥቂት የበረደው አይለዩም። ከ35 በታች የሚያነበው መለኪያ ለየት ብሎ የሚታዘዝ ነው። ለሆስፒታል ዕቃ የሚያስመጣ ነጋዴና የግዢውን ወረቀት የሚፈርም ሹም ይህን ቢያውቁ፣ በአንዲት መስመር ጽሑፍ የስንቱን ሕይወት ያተርፋሉ።

እንዲሁም የማዋለጃው ክፍል ሙቀት ከ25 እስከ 28 ዲግሪ እንዲሆን፣ ልጁ በሚወለድበት ሰዓት ማራገቢያው እንዲቆም፣ ሁለት ንጹሕ ጨርቅ፣ አንዱ ለማድረቂያ ሌላው ለመጠቅለያ፣ ከአንዲት ቆብ ጋር አስቀድሞ እንዲዘጋጅ፣ ሕፃኑም ቢቻል እስከ 24 ሰዓት ሳይታጠብ እንዲቆይ ማዘዝ ብዙ ወጪ የለበትም። ከጤና ጣቢያ ወደ ሆስፒታል የሚላክ ልጅም በመኪና ወንበር ላይ ተጠቅልሎ ሳይሆን በእናቱ ደረት ላይ ታስሮ እንዲሄድ ማድረግ ነዳጅ አይጨምርም። ቆቡን የሚሰፋው በገበያ ያለው ልብስ ሰፊ ነው፤ ጨርቁንም የሚሸጠው የአገሩ ነጋዴ ነው። «ሳይቃጠል በቅጠል» የሚባለው ለዚህ ዓይነቱ ነገር ነው።

በ1921 በኡምዱርማን ፊደል የማያውቁት ሴቶች ሣጥናቸውን ይዘው በወጡ ጊዜ፣ ትምህርታቸው በእጃቸው ነበርና ኤሌክትሪክ ቢቋረጥ የሚቋረጥ አልነበረም። ከመቶ ዓመት በኋላ መብራት በጠፋበት ከተማ ለሚወለድ ሕፃንም የመጀመሪያው ተስፋ ይኸው እጅ ነው፤ ሆዱንና እግሩን ነክታ የምታውቅ፣ ቶሎ የምታደርቅ፣ በእናቱም ደረት ላይ የምታስቀምጥ የአንዲት አዋላጅ እጅ። መንግሥትም ሆነ ነጋዴ ይህችን እጅ የሚያስተምርና የሚያስታጥቅ ከሆነ፣ በሐሩር አገር የሚበርደው ሕፃን በዚያው በአገሩ ሙቀት ይድናል።